በሸማ ጫፍ የታሰረው ቤት

በድሮ ዘመን፣ ልጆች፣ ሰው ባለዕዳውን በሰንሰለት ሳይሆን በሸማው ጫፍ አስሮ ዳኛ ፊት ይወስድ በነበረበት ዘመን፣ ዝግባ በር በምትባል አገር ደባሱ የሚባል ሰው ነበር።

ደባሱ ትጉህ ነበር። ደባሱ ደግ ነበር። ደባሱ ግን ዓይን አፋር ነበር። ሰው ፊት ሲቆም ቃላቱ ሁሉ ጉሮሮው ውስጥ ገብተው ይደበቁበታል። መንገድ ላይ ሰላም ሲሉት እንኳ መልሱን የሚያገኘው ሰውየው ካለፈ በኋላ ነው።

ሚስቱ እናኑ ደግሞ ምላሰ ፈጣን ነበረች። ሰዎች "ባልሽ ለምን አይናገርም?" ሲሏት፣ "የሱን ድርሻ እኔ ጨርሼበት ነዋ!" ትላቸዋለች።

ከእነሱ መንደር ራቅ ብሎ፣ ገበያው አጠገብ፣ ማንያዘዋል የሚባል ሰው ይኖር ነበር። ማንያዘዋል በወጣትነቱ ከበረሃ አሞሌ ጨው በበቅሎ እየጫነ የሚነግድ ሰው ነበር። ሲከብር ጊዜ ጨውን ተወና ብር ማበደር ጀመረ። ይህ ሰው በዓለም ላይ የሚያምነው ሰው አልነበረውም። ሚስት አላገባም፤ ጎተራዬን ለዘመዶቿ ታሳያለች ብሎ። ሎሌ አልቀጠረም፤ ይሰርቀኛል ብሎ። ውሻ እንኳ አላሳደገም፤ ሌባ ቁራሽ ከጣለለት ዝም ይላል ብሎ። የቤቱን ቁልፎች ሁሉ በማተቡ ላይ አንጠልጥሎ ሲሄድ እንደ በቅሎ ቃጭል ከሩቅ ይሰማ ነበር።

እንግዲህ ሦስቱን አወቃችኋቸው። አሁን ወደ ቤቱ እንሂድ።

ደባሱና እናኑ ከሠርጋቸው ጀምሮ የሚኖሩት በደባሱ ወንድም ቤት ጓዳ ውስጥ ነበር። እናኑ ሴት ልጅ ስትወልድ ጓዳው ጠበበ። ልጅቱ ስትድህ ደግሞ ጭራሽ ጠበበ። እግራቸውን ሲዘረጉ ግድግዳ፣ እጃቸውን ሲዘረጉ ጋን ይነካሉ።

ያን ጊዜ ቤት መሥራት ቀላል ነበር። ደቦ ትጠራለህ፣ አገሩ ይመጣል፣ ቤቱ ይቆማል። የሚቸግረው እንጨቱ ነው። ዝግባ በር ስሟ እንጂ ዝግባ አልነበራትም፤ አያቶቻቸው ቆርጠው ጨርሰውታል። ደህና ምሰሶ የሚፈልግ ሰው ከወንዙ ማዶ ካሉት ባለ ደኖች በብር መግዛት አለበት። ደባሱ ደግሞ በሬ እንጂ ብር አልነበረውም።

ስለዚህ ባልና ሚስት ወደ ማንያዘዋል ሄዱ።

"ብሩ ለምንህ ነው?" አለው ማንያዘዋል።

ደባሱ መሬት መሬት አየ።

"ለቤት ነው፣ አያ" አለች እናኑ።

"በሦስት መኸር ከነወለዱ ትከፍሉኛላችሁ። ከሦስቱ አንዱ ከጎደለ ቤቱ የኔ ነው።"

"አያ፣ ቤቱ እኮ ገና አልተሠራም!"

"ሲሠራ ነዋ የኔ የሚሆነው!" አለ ማንያዘዋል።

ደባሱ ራሱን ነቀነቀ። ምን ያድርግ? ሰው ቤት ሲያምረው የማይስማማበት ነገር የለም።

ልጆች፣ የዚያን ቤት ደቦ ብታዩት! ከወንዙ ማዶ የመጣው ምሰሶ ረጅም፣ ቀጥ ያለ፣ ገና ቅርፊቱ የሚሸት ነበር። ወንዶቹ በጠፍር እየጎተቱ ዳገቱን ሲያወጡት አንዱ ያወጣል፣ ሌላው ይቀበላል፤ ዘፈኑ እስከ ገበያው ይሰማል። ሴቶቹ ጭቃ ይረግጣሉ፣ ጠላ ይቀዳሉ፣ ሰነፉን ወንድ እያነሱ ይቀልዱበታል። አሮጌዎቹ ሰዎች ሣሩን ነዶ ነዶ እያደረጉ ወደ ላይ ይወረውራሉ። ፀሐይ ስታዘቀዝቅ ጣሪያው ተከድኖ አለቀ። አዲስ የተከደነ ሣር ምን እንደሚሸት ታውቁ ይሆን? ከዝናብ በኋላ ያለ ሜዳ ይሸታል፤ እሱ ግን ቤት ውስጥ ሆኖ ነው የሚሸታችሁ።

በዚያ አገር ልማድ፣ ቤቱ ሲያልቅ ባለቤቱ ደጃፍ ላይ ይቆምና ደቦውን ወደ ውስጥ ይጋብዛል። ሰው ሁሉ ውጭ ቆሞ ጠበቀ። ደባሱ ደጃፉ ላይ ቆመ። ፊቱ በርበሬ መሰለ። እናኑ ልትናገርለት አፏን ከፈተች።

"ግቡ!" አለ ደባሱ።

ጮክ ብሎ ነው ያለው። ሰዎቹ እርስ በርስ ተያዩ። ከዚያ ሁሉም እየሳቁ፣ እልል እያሉ ገቡ። ደባሱ በሰው ፊት ድምፁን ሲያሰማ ያ የመጀመሪያው ነበር። ከዚያ በኋላ ማታ ማታ በሩን ሲዘጋ ያችን ቃል በልቡ ያስታውሳትና ብቻውን ፈገግ ይላል።

የመጀመሪያው መኸር መጣ። ደባሱ ከፈለ።

ሁለተኛው መኸር መጣ። ደባሱ ከፈለ።

ሦስተኛው መኸር ሲደርስ፣ ጤፉ ወገቡን አጉብጦ ሲጠብቅ፣ ከሰዓት በኋላ ሰማዩ ጠቆረ። በረዶ ወረደ። የዶሮ እንቁላል የሚያክል በረዶ! ካባራ በኋላ ደባሱና እናኑ ወጥተው ቢያዩ ጤፉ ጭቃ ውስጥ ተነጥፏል፤ ፍሬው እንኳን ለሰው ለወፍም አልተረፈ።

ደባሱ ወደ ማንያዘዋል ሲሄድ መንገዱን ሁሉ የሚለውን ነገር አጠና። "አያ፣ እስከሚመጣው መኸር ይታገሡኝ።" ይህቺን ብቻ ነው። ዳገቱን ሲወጣ አላት፣ ቁልቁለቱን ሲወርድ አላት፣ ገበያው ዳር ሲደርስም አላት። ማንያዘዋል በሩን ሲከፍት ግን ጠፋችበት።

"ብሩስ?" አለ ማንያዘዋል።

"በረዶ…" አለ ደባሱ።

"በረዶ በላኝ ልትል ነው? እኔ ለበረዶ አላበደርኩም፤ ለአንተ ነው ያበደርኩት።"

ነገሩ ሌላ ነበር፣ ልጆች። የደባሱ ቤት የቆመው ወደ ገበያ የሚወስደው መንገድ ዳር ላይ ነው። ያችን ቤት ማንያዘዋል ከመጀመሪያው ቀን ጀምሮ ለእህል ማከማቻ ተመኝቷታል። በረዶው ሲወርድ እሱ መስኮቱ ጋ ቆሞ፣ "ጨምር! ጨምር!" ይል ነበር አሉ።

ወዲያው አዲሱን ሸማውን ደረበና የሸማውን ጫፍ ከደባሱ ሸማ ጫፍ ጋር ቋጠረው። ይህ ያን ጊዜ ቁራኛ ይባል ነበር። ባለገንዘብና ባለዕዳ ሸማ ለሸማ ተቋጥረው፣ ጎን ለጎን እየሄዱ፣ ዳኛ ፊት ይቀርባሉ። ሸማውን ጥሎ የሚሮጥ የለም። ለምን አትሉም? ያን ጊዜ ሰው ከእስር ይልቅ ማፈርን ይፈራ ነበር።

ዳኛው ዳኛ ሽበሺ ነው። ሽማግሌ ነው። ዋርካ ሥር ተቀምጦ የሽምብራ እሸት እየፈለፈለ ይበላል፤ ዓይኑን ጨፍኖ ስለሚያዳምጥ የማያውቁት ሰዎች የተኛ ይመስላቸዋል። እናኑ ነገሩን ሰምታ ልጇን አዝላ እየሮጠች ደርሳለች። ሰዉም ተሰብስቧል።

ማንያዘዋል ተናገረ። ስለ ሦስቱ መኸር፣ ስለ መያዣው፣ ስለ ቃሉ፣ ሁሉንም ተናገረ። የዋሸው ነገር አልነበረም።

"ደባሱስ ምን ትላለህ?" አለ ዳኛው።

ደባሱ የሸማውን ቋጠሮ አየ። እናኑ አላስቻላትም።

"ዳኛዬ፣ ሁለቱን መኸር ከፍለናል። ሦስተኛውን በረዶ ወሰደብን። ቤታችንን ከወሰዱብን ይህችን ልጅ የት ላስተኛት? ጊዜ ይስጡን እንጂ አንከፍልም አላልንም።"

ዳኛ ሽበሺ አንዲት ሽምብራ ፈለፈለ።

"ማንያዘዋል፣ በረዶውን የጠራው ደባሱ ነው?"

"አይደለም ጌታዬ። ግን እኔም አልጠራሁትም!"

ዳኛው ሳቀ። "እውነትህን ነው። ዕዳ ዕዳ ነው፤ እኔም ልፍቀው አልችልም። ግን በረዶ የመታውን ሰው ሕግ ደግሞ ደርቦ አይመታውም። ደባሱ እስከሚመጣው መኸር ጊዜ ተሰጥቶታል። እስከዚያ ቤቱን የሚነካ የለም።"

እናኑ እልል አለች። ደባሱ ትንፋሹ ተመለሰ።

"ቢጠፋብኝስ?" አለ ማንያዘዋል።

"ዋስ ይጥራልህ።"

"ዋስ አላምንም።"

"ታዲያ ምን ታምናለህ?"

"ቋጠሮዬን!" አለ ማንያዘዋል። "ሕጉ ይፈቅድልኛል። እስከ መኸር ድረስ በቁራኛ ይዤው እኖራለሁ።"

ሰዉ አጉረመረመ። እንዲህ ያለ ነገር ተሰምቶ አይታወቅም፤ ቁራኛ ለመንገድ ነው እንጂ ለኑሮ አይደለም። ዳኛው ግን ዓይኑን ገለጠ።

"ይሁን። አብራችሁ ትበላላችሁ፣ አብራችሁ ትሠራላችሁ፣ አብራችሁ ትተኛላችሁ። ደባሱ ቋጠሮውን ከፈታ ወይም ሸማውን ጥሎ ከሄደ ቤቱ በዚያው ቀን ያንተ ነው። አንተ ከፈታህ ግን ቤቱ ከመያዣ ነፃ ይወጣል። ወለዱም ይቀራል። ደባሱ ዋናውን ብቻ እንደ አቅሙ ይከፍልሃል። ተስማማህ?"

"ተስማማሁ!"

"አንድ ነገር ልጠይቅህ። ተኝተህ ሳለ ፈትቶ መልሶ ቢቋጥረው በምን ታውቃለህ?"

እዚህ ላይ ማንያዘዋል ደረቱን ነፋ።

"ጌታዬ፣ ይህ የጨው ጫኞች ቋጠሮ ነው። አባቴ ለእኔ ብቻ ነው ያሳየኝ። አሞሌ ጭኜ በረሃ ሳቋርጥ ሽፍታ እንኳ ሊፈታው ሞክሮ ሰልችቶት ሄዷል። ከእኔ በቀር ይህን ቋጠሮ የሚፈታ ሰው ቢገኝ፣ ያቺን ግራጫ በቅሎዬን ለደባሱ ልስጥ! ሰዉ ሁሉ ይስማ!"

ግራጫዋ በቅሎ በአገሩ የታወቀች ናት። ዋጋዋ ከደባሱ ቤት ይበልጣል።

"እስቲ ይሞከር" አለ ዳኛው።

ገመድ ሠሪው መጣ። ቋጠሮውን ወዲያ አለው፣ ወዲህ አለው፣ አልፈታ አለው። ሸማኔው መጣ። በጥፍሩ ሞከረ፣ በጥርሱ ሞከረ፣ አልፈታ አለው። የእስረኞች ጠባቂው መጣ። ላብ እስኪያጠምቀው ታገለ፣ አልፈታ አለው።

"እንግዲህ ሁላችሁም አያችሁ፤ ሰምታችኋልም" አለ ዳኛ ሽበሺ፤ ወደ ሽምብራውም ተመለሰ።

እንዲህ ሆነና ማንያዘዋል ደባሱ ቤት ገባ።

የሰውየው ሐሳብ ግልጽ ነው። ይህ ዓይን አፋር ሰው ከሰው ጋር ተቋጥሮ መኖርን አይችልም፤ አፍሮ፣ ተጨንቆ፣ አንድ ቀን ሸማውን ጥሎ ይጠፋል። ሲጠፋ ቤቱ የኔ ይሆናል ብሎ ነው።

ደባሱ በእርግጥ ተጨነቀ። መጀመሪያ አካባቢ ጉርሻ አልወርድ አለው። ሲያስነጥስ እንኳ ይቅርታ የሚጠይቅ ይመስል ነበር። ግን ምሰሶውን ቀና ብሎ ያይና ይጸናል።

የእርሻ ወቅት ሲደርስ ማንያዘዋል የመጀመሪያ ተንኮሉን ሠራ። ትልም መካከል ዘፍ ብሎ ተቀመጠ። "ደከመኝ፤ አልነሳም" አለ። ካልታረሰ መኸር የለም፤ መኸር ከሌለ ቤቱ የሱ ነው። ደባሱ ምን ይበል? ሞፈሩን ለቀቀና አጠገቡ ተቀመጠ። በሬዎቹ ቆመው አዩአቸው።

እናኑ ምሳ ይዛ መጣች። ሁለቱን ከመሬት ተቀምጠው አየቻቸው። ከእርሻው ዳር ቆማ፣ ውኃ ቀድተው ለሚመለሱ ሴቶች ሁሉ በሚሰማ ድምፅ፣

"አያ ማንያዘዋል! ተዘርተው ነው እንዴ?" አለች።

ሴቶቹ ቆሙ።

"መቼ ይበቅላሉ?" አለች አንዷ።

"ይህ እንኳ አይበቅልም፤ ጨው መሬት ነው!" አለች ሌላዋ።

ሳቃቸው እስከ ወንዝ ተሰማ። ማንያዘዋል አቧራውን እያራገፈ ተነሳ። ያን ቀን እስኪመሽ ታረሰ።

እርሻው ሲደገም ሁለተኛ ተንኮሉን ሠራ። "ሆዴን! ሆዴን!" እያለ መሬት ለመሬት ተንከባለለ። "ደባሱ ልጄ፣ ልሞትብህ ነው። ሸማህን ጣልና ሐኪም ጥራልኝ!"

ደባሱ አመነው። ትከሻው ላይ ያለውን ሸማ ሊጥል እጁን ሲያነሳ እናኑ ከጓዳ ወጣች።

"እጅህን መልስ! ለሆድማ መድኃኒቱ ከቤት አለ" አለችና አንድ ዋንጫ ሙሉ ኮሶ በጥብጣ አቀረበች።

"አሁን… አሁን እኮ ተሻለኝ" አለ ማንያዘዋል።

"ያገረሽብዎታል። ጠጡ፣ አያ!"

ጎረቤት ተሰብስቦ እያየ ምን ያድርግ? ጠጣ። ልጆች፣ ኮሶ ምን እንደሚያደርግ ካላወቃችሁ ትልልቆቹን ጠይቁ። ማንያዘዋል ቀኑን ሙሉ ወደ ቁጥቋጦው ሲሮጥ ዋለ። ደባሱም ምስኪን፣ ሸማ ለሸማ ተቋጥሮ አይደል፣ ፊቱን ወደ ሌላ አዙሮ አብሮት ሲሮጥ ዋለ። ማታ ሁለቱም ተዘርረው ሲተኙ ደባሱ ድንገት ሳቀ። ማንያዘዋል ተቆጣ። ከዚያ እሱም ሳቀ።

ክረምቱ ገባ። ዝናቡ ጠነከረና ጣሪያው በአንድ በኩል ማፍሰስ ጀመረ። ጠብታው የሚወርደው ደግሞ በትክክል ማንያዘዋል ግንባር ላይ ነው።

"ይህ ምን ዓይነት ቤት ነው?" እያለ ጮኸ።

"የእርስዎ ይሆናል ያሉት ቤት ነዋ" አለችው እናኑ።

ዝናቡ ሲያባራ ሁለቱ ሰዎች ተቋጥረው ጣሪያው ላይ ወጡ። ደባሱ ሣር ያቀብላል፣ ማንያዘዋል ይጠቀጥቃል። ማንያዘዋል ሲንሸራተት ደባሱ በሸማው ጎትቶ ያስቀረዋል፤ ደባሱ ሲንሸራተት ማንያዘዋል "ብሬን! ብሬን!" እያለ ይይዘዋል። ያን ማታ ዝናብ ዘነበ፤ አንዲት ጠብታ አልወረደችም። ማንያዘዋል ተጋድሞ ወደ ላይ እያየ፣

"ያቺን የደፈንኳት እኔ ነኝ" አለ።

ሌላ ጊዜ ደግሞ ዝናቡ ሲጥል እሳት ዙሪያ ይቀመጣሉ። እናኑ እንቆቅልሽ ትጠይቃለች። ልጅቱ ማንያዘዋልን "አባባ ቋጠሮ" እያለች ቁልፎቹን ታንቀጫቅጫለች። እሱም መጀመሪያ ይነጥቃት ነበር፤ በኋላ መንጠቁን ተወ። የተጠበሰ በቆሎ ሲሰጡት ግማሹን ለልጅቱ ይፈለፍልላታል። ደባሱ ይህን ሁሉ በጎን ዓይኑ ያያል፤ አይናገርም። እንዲያውም አንዳንድ ጊዜ ሸማቸው መቋጠሩን ይረሳዋል።

ጤፉ ግን አደገ። ዘለላው ረዘመ። መኸር ደረሰ። አጨዱት፣ ከመሩት፣ አውድማ ላይ በበሬ አበራዩት። ያን ዓመት ፍሬው ሞልቶ ፈሰሰ። ማንያዘዋል ክምሩን አየ። ዕዳው ከነወለዱ ይከፈላል፤ ቤቱ ግን ያመልጠዋል። ያን ጊዜ የድሮው ልቡ ተመለሰ።

እኩለ ቀን ነበር። ደባሱ ደክሞት ከአውድማው ዳር ዛፍ ጥላ ሥር እንቅልፍ ወሰደው። ማንያዘዋል ዙሪያውን አየ። እናኑ ከአውድማው ወዲያ ማዶ ጀርባዋን ሰጥታ እህል ታነፍሳለች፤ ሌላ ሰው የለም። ሸማውን ልቅደደው ብሎ ያዘው። ሸማው ግን ገና ዓመቱ ነው፣ ጥለቱም ዋጋ ያወጣበታል፤ መቅደዱ አንጀቱን በላው። ስለዚህ በአባቱ ዘዴ፣ በሁለት ጣቱ፣ ቀስ ብሎ ፈታው። ከዚያ ብድግ ብሎ ጮኸ።

"የሕግ ያለህ! ባለዕዳዬ ፈታ! ሊጠፋ ነው!"

ደባሱ ደንግጦ ተነሳ። ሸማውን አየ። ጫፉ ለብቻው ተንጠልጥሏል። "እኔ አይደለሁም" ሊል ፈለገ፤ ቃሉ ግን ጉሮሮው ውስጥ ገብቶ ተደበቀ። ማንያዘዋል ክንዱን አፈፍ አድርጎ ወደ ዳኛው ጎተተው። እናኑ ከአውድማው ብትነሳ እህሉን ከብት ይጨርሰዋል። "ተናገር! ዛሬ አንተው ተናገር፣ ደባሱ!" እያለች ከኋላው ብቻ ጮኸች።

ዋርካው ሥር ዳኛ ሽበሺ እንደ ልማዱ ዓይኑን ጨፍኗል። ሰው ተሰበሰበ። ማንያዘዋል ተናገረ።

"ጌታዬ፣ ተኝቼ ሳለ ፈታው። ብነቃ ሊጠፋ ሲል ያዝኩት። ቤቱ ይሰጠኝ።"

"ደባሱ፣ ምን ትላለህ?" አለ ዳኛው።

ደባሱ የተንጠለጠለውን የሸማውን ጫፍ ያዘ።

"ደባሱ፣ ፈታኸው ወይ?"

የደባሱ ከንፈር ተንቀሳቀሰ። ድምፅ ግን አልወጣም። ሰዉ አዘነለት። እናኑ አጠገቡ የለችም።

"ልጄ፣ ለመጨረሻ ጊዜ ልጠይቅህ። ዝም ካልክ ፈትቷል ብዬ ነው የምፈርደው።"

ደባሱ ዓይኑን ጨፈነ። ያን ቀን አየው፤ የደቦውን ቀን። ምሰሶው ዳገቱን ሲወጣ፣ ሣሩ ሲሸት፣ አገሩ ሁሉ ደጁ ቆሞ ሲጠብቀው። ያን ቀን እንዴት ነበር ያቺን ቃል ያላት? አላሰበም ነበር፤ አፉን ብቻ ነው የከፈተው። አሁንም አፉን ከፈተ።

"ዳኛዬ" አለ፣ "ሸማው… አልተቀደደም።"

ይኸው ነው። ሌላ አልተናገረም። ፊቱ በርበሬ መሰለ።

ዳኛ ሽበሺ ሁለት ዓይኖቹን ገለጠ። "ሸማችሁን አምጡ" አለ። የደባሱን ጫፍ አየ፤ ደህና ነው። የማንያዘዋልን ጫፍ አየ፤ ደህና ነው። አንዲት ክር አልተበጠሰችም።

"ማንያዘዋል፣ አምና እዚህ ቆመህ ምን ብለህ ነበር?"

አሁን ቃል የጠፋበት ማንያዘዋል ሆነ።

"እናንተስ ምን ሰማችሁ?"

"ከእኔ በቀር የሚፈታው ሰው ቢገኝ ግራጫ በቅሎዬን ለደባሱ እሰጣለሁ ብሏል!" አሉ ገመድ ሠሪው፣ ሸማኔውና ጠባቂው በአንድ አፍ።

"መልካም" አለ ዳኛው። "ደባሱ ከፈታው ቤቱን ውሰድ፤ በቅሎዋን ደግሞ አሁኑኑ አምጣለት። ደባሱ ካልፈታው የፈታኸው አንተ ነህ። ቤቱ ነፃ ይወጣል፣ ወለዱም ይቀራል። የቱ ነው እውነቱ? አንተው ምረጥ።"

ማንያዘዋል አሰበ። በቅሎዋን አሰበ። ቤቱን አሰበ። እንደገና በቅሎዋን አሰበ። ላቡ ጠብ ጠብ አለ።

"እኔ… እኔ ነኝ የፈታሁት" አለ።

ሰዉ በሳቅ ፈነዳ። ዳኛው ግን አልሳቀም።

"እንግዲህ ፍርዱ ይህ ነው። ቤቱ የደባሱና የእናኑ ነው። ደባሱ፣ አንተ ደግሞ የቀረብህን ዋናውን ትከፍላለህ።"

ደባሱ ራሱን ነቀነቀ። እህሉን ሸጦ የቀረበትን ዋና ገንዘብ በሳምንቱ ገበያ ከፈለ። ዕዳ ዕዳ ነው ብሏል ዳኛው።

ማንያዘዋል ያን ቀን ብቻውን ወደ ቤቱ ሄደ። መንገዱ ረዘመበት። ጎኑ ቀለለው። ትንሽ ይራመድና እጁ የሸማውን ጫፍ ይዳብሳል፤ ጫፉ ለብቻው ነው። ቤቱ ደርሶ በሮቹን ሁሉ ከፈተ፤ ሁሉም ነገር እንደነበረ ነው። ማንም አልሰረቀውም። ማንም አልነበረበትም። ጣሪያውን ቀና ብሎ አየ፤ አያፈስም። የሚያሳየው ሰው ግን አልነበረም።

በጋው አለፈ። ክረምቱ ገባ። ዝናብ እንደ ጉድ በሚወርድበት አንድ ቀን እነደባሱ እሳት ዙሪያ ተቀምጠው ሳለ ከውጭ የቁልፍ ድምፅ ሰሙ። ልጅቱ "አባባ ቋጠሮ!" ብላ ተነሳች። በሩ ሲከፈት ማንያዘዋል በዝናብ ረጥቦ ደጁ ላይ ቆሟል።

"አልመጣሁም" አለ። "ማለቴ… ያቺ የደፈንኳት ቦታ ታፈስ እንደሆነ ላይ ብዬ ነው።"

እናኑ ወገቧን ያዘች። ዓመት ሙሉ ያጠራቀመችው ነገር ነበራት። አፏን ከፈተች።

ደባሱ ግን ቀደማት።

"ግቡ" አለ።

ልጆች፣ ዛሬ ዝግባ በር ብትሄዱ ያን ቤት አታገኙትም። ሣሩ በስብሷል፣ ምሰሶው አርጅቶ ወድቋል። ምሰሶው ቆሞ የነበረበት ጎድጓዳ ቦታ ብቻ ክረምት ክረምት ውኃ ይቋጥራል አሉ። ሰው ለሰው በሸማ የሚቋጠርበት፣ ዳኛ ዋርካ ሥር የሚቀመጥበት ዘመንም አብሮ ሄዷል።

ግን ከዚያ ዘመን የቀረን ነገር አለ። የተበደረ ሰው ይክፈል። ያበደረ ሰውም ይጠይቅ፤ መብቱ ነው። ቤት የሠራን ሰው በረዶ ሲመታው ግን ጊዜ ይሰጠዋል እንጂ ቤቱ አይነጠቅም። ሰው የማያምን ሰው ደግሞ ሌላውን ለማሰር ብሎ የሚቋጥረው ቋጠሮ መጨረሻው ራሱን ነው የሚይዘው። ዓይን አፋሮች የሆናችሁ ደግሞ አትፍሩ፤ ሁሉን ነገር መናገር የለባችሁም። እውነት የሆነችውን አንዲቷን ቃል ካወጣችሁ ይበቃል።

እኔ የሰማሁትን ፈታሁላችሁ። እናንተ ደግሞ በሸማችሁ ጫፍ ቋጥራችሁ ወደ ቤታችሁ ውሰዱት።